ወንዛዬን የተቀበልኩ ዕለት

እሑድ እሑድ ልጆቼ ከቴሌቪዥኑ ፊት ተኮልኩለው የጥያቄና መልስ ውድድር ያያሉ። ይህ ዝግጅት ስንት ዓመት ሙሉ አለማሰልቸቱ እነሱን ይገርማቸዋል፤ እኔን አይገርመኝም። ተወዳዳሪው መልሱ ሲጠፋው ከወንበሬ ሆኜ «አገር ስጠኝ» እለዋለሁ። ይስቁብኛል። እኔ ወረታ ላይ ወንዛዬን የሚያህል አገር አሸንፌ እንደነበር የት ያውቃሉ።

በንጉሡ ጊዜ ነው። ጥቅምት ገብቶ ውሃው ከፎገራ ሜዳ ሲሸሽ፣ ጉልበታቸውን የሚያማቸው አክስታችን ወንዛዬ ፍል ውሃ ሊታጠቡ ተነሡ። እኔና ታላቅ እህቴ እንሂድ ብለን አለቀስን። በቅሎዋ ደግሞ ከአክስቴ ሌላ የምትችለው አንድ ልጅ ብቻ ነው።

«በእንቆቅልሽ ይለይላችሁ፤ ያሸነፈችዋን አፈናጥጣታለሁ» አሉ።

እህቴ የሰፈሩን እንቆቅልሽ ሁሉ ጠጥታዋለች። የተለመደውን ብጠይቃት መሸነፌ ነው። ስለዚህ መልስ የሌለው ፈጠርኩ።

«እንቆቅልሽ።»

«ምን አውቅልሽ።»

«ጠዋት ትወጣለች፣ ማታ ትወጣለች፣ ቤት አትገባም።»

ፀሐይ አለች። ጨረቃ አለች። ጭስም አለች። ሁሉንም አይደለም አልኳት። ላብ እስኪያጠምቃት አሰበች፤ እኔ ሆዬ ሳቄን መደበቅ አቃተኝ።

«በይ አገር ስጪኝ።»

«አንበሳሜን ሰጠሁሽ።»

«አልፈልግም።»

«ጎንደርን።»

«እሱንም አልፈልግም።»

«ወንዛዬን ውሰጅው እንግዲህ» አለች።

ተቀበልኩ። «ወንዛዬ ሄጄ፣ ምን አጥቼ፣ ፍል ውሃው ሞልቶልኝ፣ አንቺ እዚህ ከማሽላው ወፍ ስታባርሪ» እያልኩ ፎከርኩባት። ፉከራው ጥሞኝ ደንቡን ረስቼዋለሁ። አገር የተቀበለ መልሱን ይናገራል።

«መልሱስ?» አሉ አክስቴ።

ከየት ይምጣ። ዙሪያዬን ስቃኝ የጎረቤታችን ላም አጥራችን ላይ ስትታከክ አየሁ።

«የጎረቤት ላም።»

«ትናንት ጓዳችን ገብታ ብቅሉን የጨረሰችው ታዲያ የማን ላም ናት?» አሉ አክስቴ።

እህቴ በቅሎዋ ላይ ተፈናጠጠች። እኔ ከማሽላው ወፍ እያባረርኩ በቅናት እርር ድብን አልኩ፤ እንዲያው ዝናብ ይምታቸው ብዬም ለምኛለሁ።

በአራተኛው ቀን ፊቷ ወዝቶ ተመለሰች። ገና ከበቅሎዋ ሳትወርድ ከጉያዋ አንድ ጠርሙስ ፍል ውሃ አወጣች።

«እንቺ አገርሽን» አለችኝ።

ተቀበልኳት። መንገድ ላይ በርዷል።