ሳልደፍናት የተውኳት ቀዳዳ

ወታደሮች የያዙኝ በእብናት መንገድ ላይ ነው፤ ጭቃው ገና ከእጄ አልለቀቀም ነበር። ባሌ ካረፈ ወዲህ አገር ለአገር እየዞርኩ የሰው ቤት እለስናለሁ፤ አንዱን ስጨርስ ወደ ሌላው እሄዳለሁ። መርማሪው ይህን አላመነኝም። «ከቤት ቤት የምትዞሪው ጫካ ላሉት ወሬ ልታደርሺ ነው» አለኝ፣ በዚህ ዕድሜዬ አንቺ እያለ። ደብረ ታቦር ወስደው ከታሰሩት ሴቶች ጋር ዘጉብኝ።

ክፍሉ ዱሮ የእህል መጋዘን ነበር፤ መስኮት የለው፣ የአይጥና የእርጥብ ጭቃ ሽታ ብቻ። ግድግዳውን ዳሰስኩት። ቤት ከቆመበት አፈር፣ ከአውድማው ጭድ፣ ከበረቱ እበት ነው የሚሠራ፤ ጭቃው ሰንብቶ ካልቦካ ግን አይይዝም። ይኼን ቸኩለው ነው የመረጉት።

አንዲት አራስ አብራን ታስራለች፤ ባሏን ቢያጡት እሷን አመጧት። ጡቷ ቀሚሷን ያርሰዋል። አማቷ ሕፃኑን አዝላ ጠዋት ጠዋት ትመጣለች፤ ከበር ይመልሷታል። ልጅቱ የሕፃኗን ለቅሶ ብትሰማ ጊዜ ከማገሩ መሀል ያለውን ጭቃ በጥፍሯ ፈልፍላ በዚያ ታየው ጀመር።

ጠባቂው አገኘባት። ማን ቆፈረው አለ። አለቃው ከሰዓት እንደሚመጣ፣ ሊያመልጡ ነው ብሎ አንዷን እንደሚወስድ ነገረን። ከኛ መሀል ተወስዳ የተመለሰች አልነበረችም። ልጅቱ ጣቶቿን በነጠላዋ ሸፈነች።

«ልጄ፣ ይኼ ግድግዳ ራሱም ሊረግፍ የደረሰ ነው» አልኩት ጠባቂውን። «ውሃና ጭድ አምጣልኝ፤ እኔ እመርገዋለሁ።»

«አንቱ እማማ፣ እዚህም መጥተው ሥራ አላጡ» አለና ባልዲ አመጣ።

ልጅቱ ጭቃውን በእግሯ ረገጠች፤ እኔ መረግሁ። ከታች፣ ተቀምጣ ዓይኗ በሚደርስበት ልክ፣ ሁለት ጣት የምታስገባ ቀዳዳ ተውኩ። ዙሪያዋን በመዳፌ አለሰለስኳት።

«ይቺስ?» አለ ጠባቂው።

«መተንፈሻ ናት። ሰው የሚያድርበትን ቤት ደፍኜ አላውቅም።»

«አለቃው ቢጠይቅስ?»

«እኔ ሠራኋት እለዋለሁ።»

አለቃው መጣ። ጣቱን ሰዶባት ቆየ። የማን ሥራ ነው ሲል ተነሥቼ ቆምኩ፤ እጄ በጭቃ እንደተለወሰ ነው። እኔን አየ፣ ግድግዳውን አየ። ለጠባቂው «ከዚህ እንዳትሰፋ» ብሎት ወጣ።

ከሷ ቀድመው እኔን ለቀቁኝ። ከአጥሩ ውጭ አማቷን አገኘኋትና ሕፃኑን ይዛ የት ብትቆም እንደሚታይ አሳየኋት።

አሁንም እዞራለሁ። የልጅቱን መፈታት ሰማሁ እንጂ በዓይኔ አላየኋትም። የለሰንኩትን ቤት ሁሉ ክረምት እንዳይጎዳው እጸልያለሁ። ያንን መጋዘን ግን፣ ሰው ውስጡ ሳይኖር፣ ዝናብ ቢጥለው ቅር አይለኝም።