በእግሬ የረገጥኩት ክኒን

ወገኖቼ፣ ሰላም ለእናንተ ይሁን። የጌታ ስም ይባረክ! ዛሬ መጋቢያችንን ለምኜ እዚህ የቆምኩት አዲስ ምስክርነት ልሰጥ አይደለም። ከሁለት ዓመት በፊት እዚሁ ቆሜ የሰጠሁትን ላስተካክል ነው። ያኔ የነበራችሁ ታስታውሳላችሁ፤ ላልነበራችሁ ከመጀመሪያው እነግራችኋለሁ። ታገሡኝ። «አሜን» የሚያስብል ነገር ብዙ የለውም።

ደረጀ እባላለሁ፤ ልብስ ሰፊ ነኝ። ተወልጄ ያደግኩት አምባሰል ነው። እዚህ ሐይቅ ከተማ የመጣሁት በጉርምስናዬ ነው። ጌታን ከማወቄ በፊት ምን እንደነበርኩ የከተማው ሰው ያውቃል። ጠላ ቤት በእግሬ እገባለሁ፣ በሰው ትከሻ እወጣለሁ። ባለቤቴ አልማዝ ስንት ዓመት እንባዋን ዋጠች። ያለችን አንዲት ልጅ ነች፣ ሰላማዊት። ሰላም ነው የምንላት።

ሰላም ስምንት ዓመቷ ላይ ገበያ መሃል ወደቀች። ተንቀጠቀጠች፣ አረፋ ደፈቀች። ግማሹ ሰው ሸሸ፣ ግማሹ ክብሪት እየጫረ አፍንጫዋ ሥር ያዘ። ከዚያ በኋላ በሳምንት ሁለቴም ሦስቴም ትወድቅ ጀመር። ያልሞከርነው የለም። ጠበል አስጠመቅናት። ግድግዳ የምንጋራት ጎረቤታችን እትዬ ዘሃራም «ዱዓ ይደረግላት» ብላ እጇን ይዛ ወሰደቻት። በመጨረሻ ጤና ጣቢያ ሄድን። ሲስተሯ ክኒን ሰጠችንና እንዲህ አለች፦ «የሚጥል በሽታ ነው። በየቀኑ ትዋጥ። ተሻላት ብላችሁ በራሳችሁ እንዳታቋርጡ። በድንገት ከተቋረጠ ከበፊቱ ይብሳል።»

ሰላም ዋጠች። በዓመት ውስጥ የወደቀችው ሁለት ጊዜ ብቻ ነው። ትምህርት ቤት ተመለሰች፣ ከጓደኞቿ ጋር ገመድ ዘለለች። ክብር ለጌታ ይሁን! ይህን ዛሬ ነው የምለው። ያኔ ክኒኑን ማን እንደሰጠን አልገባኝም ነበር።

ከዚያ እናንተ ወንጌል ነገራችሁኝ። አመንኩ። ውሸት አልነበረም ወገኖቼ፤ መጠጡ ከእኔ ወደቀ፣ ጫቱም ወደቀ። አልማዝ መሳቅ ጀመረች። ስለዚህ ጌታን አሁንም አመሰግናለሁ፣ ይህን ማንም አይወስድብኝም።

ብዙም ሳይቆይ የፈውስ ጉባኤ ተደረገ። ከሩቅ የመጣ እንግዳ አገልጋይ ነበር። ሰላምን ወደ ፊት አወጣኋት። ጸለየላት፤ «ተፈታለች!» አለ። ሃሌሉያ አልን። ቀጥሎ ወደ እኔ ዞረና «አባት፣ መድኃኒት ትወስዳለች?» አለኝ። «አዎ» አልኩ። «በአንዱ ኪስህ ኢየሱስን፣ በሌላው ክኒን ይዘህ አትሄድም» አለኝ።

ክኒኑ ኮቴ ኪስ ውስጥ ነበር። አወጣሁት። ሰላም እጅጌዬን ያዘችና በጆሮዬ «አባዬ፣ ጌታ ክኒኑን ቢጠላው ኖሮ በእሱ ያሽለኝ ነበር?» አለችኝ። የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነበረች። እኔ ግን ሰው እያየኝ ነበር። ክኒኑን እዚህ ወለል ላይ በትኜ በጫማዬ ረገጥኩት። ማይክራፎኑን ተቀብዬ «ልጄ ድናለች! ከዛሬ ጀምሮ ሐኪሟ ኢየሱስ ብቻ ነው!» አልኩ። አጨበጨባችሁ። ብዙዎቻችሁ አለቀሳችሁ። ያ ነው ያኔ የሰጠሁት ምስክርነት።

ሃያ ሦስት ቀን ምንም አልሆነችም። በየቀኑ እቆጥር ነበር። ጤና ጣቢያ ያለችውን ሲስተር መንገድ ላይ ሳገኛት «አየሽ? ያለ ክኒን ደህና ነች» አልኳት። እሷ ግን «እባክህ አምጣት» ብላ ለመነችኝ።

በሃያ አራተኛው ቀን፣ እኩለ ቀን ላይ፣ አልማዝ ገበያ ወጥታ ነበር። ሰላም ጓሮ በከሰል ምድጃ ላይ ሽሮ ጥዳ ታማስላለች። እኔ ከፊት በኩል የስፌት መኪናዬ ላይ ተቀምጬ ሱሪ እሰፋለሁ። በመካከላችን አሥር እርምጃ ቢሆን ነው። ስልኬ ላይ መዝሙር ከፍቼ፣ ድምፁን ለቅቄ፣ አብሬ እየዘመርኩ ነበር። ልጄ ምድጃው ላይ ስትወድቅ አልሰማሁም። የሰማችው እትዬ ዘሃራ ነች፣ በግድግዳ ወዲያ። እየጮኸች ገብታ በባዶ እጇ ከፍሙ ላይ አነሳቻት። የእሷም መዳፍ እስከ ዛሬ ጠባሳ አለበት።

የሰላም ቀኝ እጇና ቀኝ ጉንጯ ተቃጠለ። ደሴ ወሰድናት። ሆስፒታል ሁለት ወር ተኛን። ጣቶቿ እርስ በርሳቸው ተጣበቁ።

ሐኪሙ አልጋዋ አጠገብ ቆሞ ጠየቀኝ፦ «የሚጥል በሽታ እንዳለባት ታውቁ ነበር?»

«አዎ፣ ዶክተር።»

«መድኃኒትስ ነበራት?»

«ነበራት።»

«ታዲያ ለምን ተቋረጠ?»

«አልቆባት ነው» አልኩ።

ወገኖቼ፣ እዚህ ቆሜ መስክሬ፣ እዚያ ዋሸሁ። ሰላም ሰማችኝ። ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

ከዚያ ጠያቂ ጎረፈ። ከእናንተ መካከል አንዱ ወንድም «እምነታችሁ የሆነ ቦታ ጎድሎ ይሆናል» አለኝ። ሌላዋ እህት «ጌታ ሊሠራህ ፈልጎ ነው» አለችኝ። ቄስ የሆኑት አጎቴ ከአምባሰል መጥተው «ልጄ፣ ፈተና ነው፤ ጻድቅ ይፈተናል» አሉኝ። እትዬ ዘሃራ በተጠቀለለ እጇ እንባዋን እየጠረገች «አብሽር፣ የአላህ ውሳኔ ነው፣ ሶብር አድርግ» አለችኝ። ሁሉም የሚወዱኝ ሰዎች ናቸው፣ አልቀየምኳቸውም። ግን ልቤ መረረ። አንዱ፣ እግዚአብሔር ልጄን ያቃጠላት እኔን ሊያስተምር ነው ይለኛል። እኔን ሊያስተምር ከሆነ እኔ አልነበርኩም ወይ? የሚገረፍ ጀርባዬ አልነበረም ወይ? እንዴት ያለ አስተማሪ ነው አንዱ ላጠፋው ሌላውን የሚመታ?

ቤተ ክርስቲያን ቀረሁ። መጸለይ ተውኩ። ሐይቁ ዳር ሄጄ ተቀምጬ እውላለሁ። ደግሞ ይከፋኝና ቤቴን ዘግቼ «ማረኝ፣ ማረኝ» እያልኩ መሬት ላይ እንከባለላለሁ። አንድ ዓመት እንዲህ ከረምኩ። አንድ ቀን ስከሰው፣ አንድ ቀን ስለምነው።

ጤና ጣቢያችን ላብራቶሪ የሚሠራ አንድ ሰው አለ፣ አቶ አድማሱ እላቸዋለሁ፤ እውነተኛ ስማቸውን እንድጠራ አልፈቀዱልኝም። የጎንደር ሰው ናቸው፣ ቤተ እስራኤል። እናታቸውና እህቶቻቸው ወደ እስራኤል ሲሄዱ እሳቸው ወረቀታቸው ሳያልቅ ቀረ። «ዘንድሮ፣ ዘንድሮ» ሲሉ ዘመን አለፈ። እናታቸው እዚያው አረፉ። መርዶውን የሰሙት በስልክ ነው።

ጋዋናቸውን ሊያሰፉ መጡ። ልኬት ወሰድኩ። ከዚያ አልሄዱም፣ ወንበር ስበው ተቀመጡ። አንዲት ቃል አልተናገሩም። በማግስቱም ከሥራ ሲወጡ መጥተው ተቀመጡ፤ በሦስተኛውም ቀን። ቢቸግረኝ «ጋዋኑ እኮ ገና ነው» አልኳቸው።

«ለጋዋኑ አይደለም የመጣሁት» አሉኝ። «እኛ ዘንድ ያዘነ ሰው ጋ ስትሄድ፣ እሱ ሳይናገር አንተ አትናገርም።»

ያኔ ፈነዳሁ። ቅድም የነገርኳችሁን ሁሉ ነገርኳቸው፤ ክኒኑን፣ ጭብጨባውን፣ ለሐኪሙ የዋሸሁትን። በመጨረሻ «ለምን ፈቀደ? ይንገሩኝ» አልኳቸው።

«አላውቅም» አሉኝ። «አውቃለሁ የሚልህንም አትመነው።»

«እርስዎስ አይጠይቁትም?»

«እኔማ በየሰንበቱ ነው የምከሰው። ልብሴን አጥቤ፣ ገላዬን ታጥቤ፣ ቆሜ እከሰዋለሁ። እናቴን ለምን በልጅዋ እጅ አላስቀበርካትም እለዋለሁ። ሲያልቅልኝ አመሰግነዋለሁ።»

«ሁለቱ አይጣሉም?»

ሳቁ። «ዝምድና ያለው ነው የሚካሰስ። ከባዕድ ጋር ምን ያጨቃጭቅሃል? አንተ ግን የምታደርገው ሌላ ነው። እሱን በሌለበት ታማዋለህ። ፊት ለፊት ንገረው እንጂ።»

ቀጠሉ፦ «ደግሞ ሁለት ነገር ቀላቅለሃል። ለምን በሽታ ፈጠረ፣ ለምን በዚያች ቀን አልያዛትም፣ ይሄ የእሱ ነው፣ እሱን ጠይቀው። ክኒኑን የረገጠው ግን እግርህ ነው። የአንተን በእሱ ላይ አትጫን፤ የእሱንም አንተ አትሸከም።»

«የእኔን በንስሐ እያለቀስኩ ነው እኮ፣ አንድ ዓመት ሙሉ» አልኳቸው።

«ለማን?»

«ለእግዚአብሔር ነዋ!»

«የተቃጠለው እጅ የእግዚአብሔር ነው?» አሉኝ። «አባቶቻችን እንዲህ ይሉናል፦ በአንተና በእሱ መካከል ላለው እሱ ይምርሃል። በአንተና በሰው መካከል ላለው ግን መጀመሪያ ሰውየውን ለምን። ልጅህን ለምነሃታል?»

ወገኖቼ፣ አልለመንኳትም ነበር። ተሸክሜ ሐኪም ቤት ወስጃታለሁ፣ አጉርሻታለሁ፣ ቁስሏን አጥቤያለሁ። «አጠፋሁ» ግን አላልኳትም። አባት ነኝ ብዬ ይሁን፣ ፈርቼ ይሁን፣ አላውቅም። አንድ ዓመት ሙሉ እግዚአብሔር እግር ሥር ስንከባለል፣ ልጄ በቀጭን ግድግዳ ወዲያ ሆና ትሰማኝ ነበር።

በዚያው ቀን ቤት ገባሁ። ሰላም በግራ እጇ መጻፍ እየተለማመደች ነበር። እግሯ ላይ ወደቅሁ። «ክኒንሽን የረገጥኩት እኔ ነኝ። ሰው እያየኝ ስለነበር ነው። ለሐኪሙም ዋሸሁ። ይቅር በይኝ» አልኳት።

እርሳሷን አስቀመጠች። «አባዬ ተነሥ» አለችኝ። ተነሣሁ። «ይቅር ብዬሃለሁ አልልህም፣ ገና ነኝ። ግን እዚያ ላጨበጨቡት ሰዎች ንገራቸው። እዚያ ሌላ የሚጥለው ልጅ ይኖራል።»

እሺ አልኳት። እሺ ካልኩ ስምንት ወር አለፈኝ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ እናንተን ፈርቼ ነው። እሷ ግን አንድም ቀን አልጨቀጨቀችኝም። ይህም ልቤን በላው። ይኸው ዛሬ ተናገርኩ። ጌታ ሆይ፣ ተመስገን!

ያ አገልጋይ ተሳስቶ ይሁን ታብዮ፣ ጌታ ይፍረደው። እኔ ግን ተሳስቼ ብቻ አይደለም፣ ታብዬም ነው። ልጄን ለክብሬ ሠዋኋት። ጌታ ያልጠየቀኝን መሥዋዕት አቀረብኩ፣ በእሱም ስም ማህተም መታሁበት። ወንድሞቼ፣ እህቶቼ፣ እዚህ ተቀምጣችሁ መድኃኒታችሁን የተዋችሁ ካላችሁ፣ ነገ ጠዋት ጤና ጣቢያ ሂዱ። የስኳር ይሁን፣ የግፊት ይሁን፣ የሚጥል ይሁን። ጌታ ይፈውሳል፤ አሁንም አምናለሁ! ከፈወሳችሁ ደግሞ ሐኪሙ ራሱ መርምሮ «ተዉት» ይላችኋል። እሱ ከምርመራ የሚሸሽ አምላክ አይደለም።

ምሬቴ አልወጣልኝም። ሰላም ጠዋት ጠዋት ክኒኗን በግራ እጇ ስትወስድ ሳይ አሁንም ይነደኛል። ያን ሃያ አራተኛውን ቀን ለምን አልከለከልክም እለዋለሁ፤ እስከ ዛሬ አልመለሰልኝም። ግን ፊት ለፊት ነው የምለው፣ ተንበርክኬ፣ ስሙን ጠርቼ። ከመለሰልኝ እሰማለሁ፣ ካልመለሰልኝም ነገ እመጣበታለሁ። የምሄድበት ሌላ ቤት የለኝም። ተመስገን፣ ልጄ በሕይወት አለች! ተመስገን፣ ዘንድሮ ከክፍሏ ሁለተኛ ወጣች! ተመስገን፣ የእትዬ ዘሃራን እጅ የላከ አምላክ!

እናንተም እመኑት ወገኖቼ። የተቃጠለባችሁ ካለ፣ ለእሱ አሳምራችሁ አትናገሩ፤ እንዳለ አምጡለት። እኔ ጨረስኩ። አሁን ቤቴ ልሂድ፣ ሰላም በር ላይ ቆማ «ምን አሉህ?» ትለኛለች፤ ምን እንደምላት ከእናንተ ልስማ።