ገመዱን ብቻ የሰማሁበት ተረት

ልጅ ሳለሁ ፍም የማውቀው ከእንጨት ወይም ከከሰል አልነበረም። ሆፕኪንስ ከተማ በነበረው ጠባብ አፓርትመንታችን ውስጥ የኤሌክትሪክ ስቶቩ ጥምዝምዝ ብረት ሲቀላ፣ ለእኔ ፍም ማለት እሱ ነበር። እንዲህ ያስለመዱኝ አባባ እንድሪስ ናቸው። የአባቴ አጎት ነበሩ፤ ከወሎ ወጥተው ሱዳን ስንት ዓመት ተንገላተው፣ በስተርጅና እኛ ጋ ሚኒሶታ የደረሱ፣ ጢማቸውን ሂና የሚቀቡ ቀጭን ሽማግሌ።

ያኔ ጊዜው የፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ ነው፤ እኔ ስምንት ዓመቴ። እናቴ ነርሲንግ ሆም የከሰዓት ሺፍት ትገባለች፣ አባቴ ታክሲ ድራይቭ ያደርጋል፣ ከትምህርት ቤት ባስ ስወርድ በር የሚከፍቱልኝ አባባ ናቸው። በበረዶው ወራት ገና አሥር ሰዓት ተኩል ሲል ይጨልማል። «ይሄን ነጭ መብራት አጥፊልኝ፤ ዓይኔን ያጭበረብረዋል» ይሉኛል። አጠፋለሁ። ከዚያ የስቶቩን ትንሿን ምድጃ ይከፍቷትና ሁለት ወንበር ስበን እንቀመጣለን። ብረቱ መጀመሪያ ይሸታል፤ የትናንት ዘይትና አቧራ ሲቃጠል ቀጭን ጭስ ይወጣል፤ ቀስ እያለ ይቀላል። ቀዩ ብርሃን ከታች ወደ ላይ ጢማቸው ላይ ሲያርፍ እጃቸውን ዘርግተው ይሞቃሉ፣ ሙቀቱ ካልነካቸው ወሬው የማይመጣላቸው ይመስል፤ ከዚያ ይጀምራሉ።

የሌላ ልጅ አያት የጅብና የጦጣ ተረት ይነግራል። የእኔ አባባ የሚነግሩኝ ሞት ስለተፈረደባቸው ሰዎች ነበር። ቅድመ አያታቸው በጥንት ዘመን የአንድ አገር ገዢ ነጋሪት መቺ ነበሩ አሉ፤ ሰው የሚሰቀል ቀን ገበያ መሀል ነጋሪቱን የሚመቱት እሳቸው ናቸው።

«ያኔ» ይላሉ አባባ፣ «ሰው ተደብቆ አይገደልም። በገበያ ቀን ነው፣ ሰው ሁሉ እያየ። ነጋሪቱ ሲመታ ሻጩም ገዢውም ይቆማል፤ በርበሬ የሚሰፍረው እጁን ይሰበስባል። ከዚያ ነጋሪቱ ዝም ይልና ጥፋተኛው ያደረገውን በገዛ አፉ ይናገራል። ጉሮሮው እንዳይደርቅ ብርዝ ያጠጡታል።»

«ማር ይሰጡታል? ሊሰቅሉት?»

«እንዴ! ሰውኮ ነው፤ ይጠማዋል።»

ደጋግሜ ያስነገርኳቸው አንዱን ነጋዴ ወንዝ ዳር ገድሎ በቅሎዎቹን ስለነዳው ሰውዬ ነው። ከእሱ ጋር ሌላ ሰው በአንድ ሰንሰለት ታስሮ መጥቷል፤ ከሁለቱ የገደለው ማን እንደሆነ አልለየም፤ የሚሰቀለው ግን አንዱ ነው። ገዳዩ ብርዙን ጠጥቶ፣ አፉን በትከሻው ጠርጎ፣ «ነጋዴውን የገደልኩት እኔ ነኝ። ይሄ ሰውዬ እጁ የለበትም፤ ከእኔ በቅሎ ሲገዛ ነው የተያዘው» አለ። ገበያው ሁሉ አለቀሰ አሉ። ቀጥቃጩን እዚያው ጠርተው ሰንሰለቱን አስበጠሱት። የተፈታው ሰውዬ ወዴት እንደሚሄድ ጠፍቶት ጨው ሻጮቹ መሀል ቁጭ አለ። እዚህ ሲደርሱ አባባ በሁለት ጣታቸው የስቶቩን ጠርዝ ዱም፣ ዱም ያደርጉታል። ከዚያ ገመዱ ይመጣል።

አንድ ቀን «ባይናገር ኖሮስ ይሰቀል ነበር?» አልኳቸው።

«እንጃ፤ እሱ ሊያመልጥ ይችል ነበር። ያ ምስኪን ግን በከንቱ ይሞት ነበር» አሉ።

እኔ የያዝኩት የመጀመሪያዋን ብቻ ነው። የተናገረ ይሰቀላል፣ ዝም ያለ ያመልጣል። በስምንት ዓመቴ ከዚያ ሁሉ ወግ የገባኝ ይሄ ነበር።

አባባ ወጉ ሲያልቅ ምድጃውን ራሳቸው አጥፍተው ለመግሪብ ውዱእ ሊያደርጉ ይገባሉ። አንድ ቀን እሳቸው መታጠቢያ ቤት ሲገቡ እኔ ስቶቩን መልሼ ከፈትኩት። ስቅላት ልጫወት ነው። የላስቲክ አሻንጉሊቴን በጫማ ክር አንገቷን አስሬ ከስቶቩ በላይ ባለው ቁም ሳጥን እጀታ ላይ አንጠለጠልኳት። አናዘዝኳት። በማንኪያ ድስት እየመታሁ ነጋሪት ሆንኩ። መሀል ላይ ልጆች ውጭ በበረዶ ሲወራወሩ ሰማሁና ወደ ሳሎኑ መስኮት ሮጥኩ፤ እዚያው ፈዝዤ ቀረሁ። ክሩ መቼ እንደተፈታ አላውቅም። ዞር ስል ጥቁር የላስቲክ ጭስ ወጥ ቤቱን ሞልቶታል፣ አላርሙ ይጮሃል።

አባባ እጅጌያቸው እንደተጠቀለለ፣ ውሃው ከክንዳቸው እየተንጠባጠበ ወጡና ጎትተው አወጡኝ። የሕንጻው ሰው ሁሉ ፓርኪንግ ላይ ቆመ፤ አንዱ ብርድ ልብስ ለብሶ፣ አንዷ ጸጉሯን በፎጣ ጠቅልላ። የእሳት አደጋ መኪናው ቀይ መብራት በበረዶው ላይ ይዞራል። ከላይ ፎቅ የሚኖሩት እትዬ ዘነቡ ጃኬታቸውን አውልቀው አባባ ትከሻ ላይ ጣል እያደረጉ፣ «አባባ፣ ሚኒሶታን በሙሉ ሊያሞቁልን ነው እንዴ?» አሉ። ሰው ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም። አባባ እግራቸው ላይ ያለው ነጠላ ጫማ ብቻ ነበር።

አባቴ ታክሲውን መንገድ ላይ አቁሞ እየሮጠ መጣ። የእሳት አደጋው ሰውዬ አንድ የቀለጠ ጥቁር ነገር በእጁ ይዟል፤ የሕንጻው ማናጀር ማን እንዳደረገው ካልተነገረኝ ይላል። አባቴ ሰው መሀል ቆሞ ጮክ ብሎ፣ «ማነው ስቶቩን የከፈተው?» አለ።

ሰው ሁሉ ዝም አለ። ያንን ዝምታ አውቀዋለሁ፤ ነጋሪቱ ሲያቆም ነው። አሁን እኔ እንድናገር እየጠበቁኝ ነው፤ ከተናገርኩ በኋላ የሚመጣውንም አውቀዋለሁ። ጥርሴን ነከስኩ።

«እኔ ነኝ» አሉ አባባ። «የላስቲክ ዕቃ ጥጄ ረሳሁት።»

ወደ እኔ አላዩም። አንድ ጊዜም አላዩም። ማወቃቸውን በዚያ አወቅኩ።

ማናጀሩ ሽማግሌው ብቻቸውን ስቶቭ ያለበት ቤት የሚውሉ ከሆነ ቤቱን ትለቃላችሁ አለ። እናቴ «አርጅተዋል፣ ልጄን ያቃጥሉብኛል» አለች፤ እሳቸው እዚያው ሶፋው ላይ ተቀምጠው ነው። አባቴም ዴንቨር ላለው ልጃቸው ደወለ። እኔ በየቀኑ ነገ እናገራለሁ እላለሁ። ከባስ ስወርድ እናገራለሁ፣ ራት ስንበላ እናገራለሁ፣ እያልኩ ከራሴ ጋር ቀጠሮ እይዛለሁ። በሁለተኛው ሳምንት አባቴ ሻንጣቸውን ይዞ ቀድሞ ወረደ። አባባ በሩ ላይ ራሴን ዳበሱኝ። አፌ ተከፈተ። ከታች የታክሲው ጥሩምባ ሲጮህ ተመልሶ ተዘጋ። እሳቸው ሄዱ።

ከዚያ በኋላ ከትምህርት ቤት ስመለስ በሩን የምከፍተው በራሴ ቁልፍ ነበር።

አሥራ አምስት ዓመት ሲሆነኝ ኢድ ቀን ወደ ዴንቨር ተደወለ። ስልኩ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር፣ ልጃቸው አባባ አሁን ሰው አይለዩም ሲል ሰምቻለሁ። ተራዬ ሲደርስ ስልኩን ይዤ መታጠቢያ ቤት ገባሁና በሩን ዘጋሁ።

«ማን ነሽ አንቺ?» አሉኝ።

«ሀያት ነኝ አባባ፤ የሆፕኪንሷ። ምድጃውን የከፈትኩት እኔ ነኝ። እርስዎ አይደሉም፣ እኔ ነኝ።»

ትንፋሻቸው ይሰማኛል። «እዚያ ብርድ ነው እንዴ?» አሉ።

«አዎ፣ ብርድ ነው።»

«ታዲያ ክፈቻት እንጂ! ምን ያስፈራሻል? ክፈቻትና ሙቂ።»

በዚያው ዓመት ሞቱ። ይቅር ብለውኝ ይሁን ረስተውኝ እስካሁን አላውቅም።

አሁን እኔም እናት ነኝ፤ ሪችፊልድ ነው የምኖረው። ፊደል እንደነገሩ ነው የማውቀው፣ ይሄንንም ስጽፍ ስንት ቀን ፈጀብኝ። ስቶቩን ሦስት ጊዜ ሳላይ ከቤት አልወጣም፤ መኪና ውስጥ ገብቼ የምመለስበትም ቀን አለ። ባሌ ይስቅብኛል። ለልጄ ለሳልማ እነዚያን ወጎች ነግሬያት አላውቅም፤ ያስፈራሉ ብዬ ነው። ግን ሳስበው ጥፋቱ የወጉ አልነበረም። አባባ የተፈታውንም ሰውዬ በየቀኑ ነግረውኛል፤ ጨው ሻጮቹ መሀል ቁጭ አድርገው አሳይተውኛል። እኔ ነኝ ሳላየው ያለፍኩት።

ባለፈው ሳምንት ከሥራ ደክሞኝ ስገባ ባሌ ተኝቷል፣ የመታጠቢያው ውሃ ተከፍቶ ኮሪደሩ ድረስ ወጥቷል፣ የታችኛው ቤት ሰው በሩን ይደበድባል። «ማነው ውሃውን የከፈተው?» ብዬ ጮህኩ። ሳልማ ግድግዳውን ተደግፋ ቆማለች፤ አምስት ዓመቷ ነው። ወደ እጄ አየች፣ ከዚያ ወደ በሩ። ሰውዬውን ይቅርታ ጠይቄ ሸኘሁት፣ ውሃውን ዘጋሁት። ከዚያ መጮኹም አቃተኝ። እርጥቡ ወለል ላይ ቁጭ አልኩና «ነይ» አልኳት። መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። ብዙ ቆይታ፣ አገጯን ደረቷ ላይ ደፍታ፣ «ኢት ዋዝ ሚ» አለች፤ እኔ ነኝ ማለቷ ነው።

ሰው ከተናገረ በኋላ ምን እንደሚደረግለት ያስተማረኝ ሰው የለም። ቀና ብላ ትጠብቀኛለች። እግሯን ጭኔ ላይ አድርጌ እርጥብ ካልሲዋን አወለቅኩላት፤ መጀመሪያ አንዱን፣ ከዚያ ሌላውን።