ዋንዛው ላይ የታየኝ ኖራ

ነገሩ የሆነው ካቻምና ጥር ላይ፣ ጥምቀት ሊደርስ ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ነው። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ሲባል በሰማሁ ቁጥር ትዝ ይለኛል። ሌላ ሰው አጋኖ ከሚያወራው ራሴው ብናገረው ይሻላል።

የምኖረው ስማዳ ውስጥ፣ ከወገዳ በእግር አንድ ሰዓት ያህል ርቆ ባለ መንደር ነው። የአባቴን መሬት አርሳለሁ። ጎረቤቴ አያ ምትኩ ይባላል። በዕድሜ ይበልጠኛል፤ አንድም ቀን ክፉ ቃል ተነጋግረን አናውቅም ነበር። የሁለታችን ማሳ ከሚለያይበት ወሰን አጠገብ፣ በእኔ በኩል፣ አባቴ የተከሉት ትልቅ ዋንዛ አለ።

አንድ ጠዋት ሽምብራዬን ለማየት ስወርድ የዋንዛው ግንድ ላይ ነጫጭ ክብ ምልክቶች አየሁ። መዳፍ የሚያካክሉ፣ ጠርዛቸው የተስተካከለ፣ በብሩሽ የተቀቡ የሚመስሉ ነበሩ። አያ ምትኩ ደግሞ ለልጁ ሠርግ ብሎ ቤቱን ኖራ ቀብቶ መጨረሱ ነው። ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ ያስፈልጋል? ለዳስ የሚሆን እንጨት ፈልጎ ዛፌ ላይ ምልክት አድርጓል፤ ዛፉን ከወሰደ ደግሞ ወሰኑም አብሮ ይሄዳል አልኩ። ደሜ ፈላ።

ባለቤቴ «እስቲ መጀመሪያ ሰውየውን ጠይቀው» አለችኝ። እኔ ግን ሰው ፊት ካላዋረድኩት አልረካም አልኩ።

በማግስቱ የጠራኋቸው ሦስት ሽማግሌዎች ዋንዛው ሥር ተቀመጡ፤ የመንደሩም ሰው ተሰበሰበ። አንዱ የደብራችን መሪጌታ ነበሩ። ተነስቼ ነጫጩን ምልክት እያሳየሁ «ጎረቤቴ ድንበር ሊገፋብኝ ነው» ብዬ ከሰስኩ።

የአያ ምትኩ ፊት አመድ መሰለ። «እኔ? የልጄ ሠርግ አምስት ቀን ቀርቶት? ታቦት ፊት እምላለሁ!» አለ።

ነገሩ መሐላ ላይ ከደረሰ ሠርጉም እንደማያምር፣ ጉርብትናችንም በዚያው እንደሚያበቃ ሁላችንም አውቀናል። እኔ ግን «ይማላ!» አልኩ።

መሪጌታ «ቆይ እስቲ፣ መሐላ ቀላል ነገር አይደለም» ብለው ተነሱ። አውራ ጣታቸውን በምራቃቸው አርሰው ነጩን አሹት። ጣታቸው ላይ ምንም ነጭ አልነበረም። በጥፍራቸው ፋቅ ሲያደርጉት ከሥሩ አረንጓዴ ወጣ።

«ና ወዲህ» አሉኝ። «አረንጓዴ ኖራ አይተህ ታውቃለህ? ይኼ ቅርፊት ላይ ራሱ የሚበቅል ነው። የዛፍ ቆረቆር በለው። የቆሎ ተማሪ ሳለሁ የእኔም ራስ እንዲሁ ነበር፤ እናቴ ግን ጎረቤት ቀባው ብላ አልከሰሰችም።»

ቀጥለው ወደ ላይ ጠቆሙ። ነጩ ነገር ቅርንጫፎቹን ሁሉ ሞልቷቸዋል። «እዚያስ ማን ወጥቶ ቀባው? ዝንጀሮ?»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ዕድሜ ልኬን በሥሩ ሳልፍ ኖሬ ለካ አንድም ቀን ቀና ብዬ አላየሁትም።

ጥፋቴን ካመንኩ ዘንድ እንደ ወጋችን ድንጋይ ተሸክሜ ይቅርታ ልጠይቅ ተጣደፍኩ። ማሳው ጠርዝ ላይ ያገኘሁትን ድንጋይ ነቅዬ አንገቴ ላይ አደረግሁና አያ ምትኩ ፊት ጎንበስ አልኩ። «ይቅር በለኝ፣ አያ።»

አንድ እርምጃ ቀረበኝ። አበቃ፣ አይምረኝም አልኩ። ጎንበስ ብዬ የማየው እግሩን ብቻ ነው።

ከዚያ ቀስ ብሎ «ይቅር ብያለሁ» አለ። «ግን ይችን ድንጋይ ከነቀልክበት መልሳት። የወሰናችን ድንጋይ ናት።»

መሪጌታ ሳቃቸው አላስቆም ብሏቸው ግንዱን ተደገፉ። ድንበር ተገፋ ብዬ አገር ሰብስቤ፣ አገር እያየ ድንበር የነቀልኩት እኔው ሆንኩ። አያ ምትኩ ድንጋይዋን አብሮኝ ተሸክሞ ቦታዋ ላይ ተከልናት።

ዛሬም ሳስበው ያሳፍረኛል፤ ወዲያው ደግሞ ያስቀኛል። አያ ምትኩ ግን ለማንም አውርቶብኝ አያውቅም። ክሴን ሳይሆን ይህን ዝምታውን ሳስብ ነው አንገቴን የምደፋው።