ለካርቱን የተላኩ ሽማግሌዎች

የጃፓን ካርቱን ሲያልቅ የሚሮጠውን የስም መዓት አንብባችሁ ታውቃላችሁ? አታውቁም። እዚያ ውስጥ ፕሮዳክሽን ማናጀር የሚባለው እኔ ነኝ። መሳል አልችልም፤ ክብ ስስል ድንች ይወጣል። ሥራዬ ሰዓሊ መጨቅጨቅ ነው፤ በዚህ ከሎንግ ቢች እስከ ግሌንዴል የሚደርስብኝ የለም። ኮሌጅም አልገባሁ። ታክሲ ስነዳ ጃፓናዊውን አለቃዬን ከኤርፖርት ቶራንስ እስካደርሰው አወራሁበት፣ ሥራ ሰጠኝ። ዝም ለማሰኘት ሳይሆን አይቀርም።

አምና አንድ ክፍል ሊያልቅ ሲል ዋናው ሰዓሊያችን፣ ግሌንዴል የሚኖር የኔ እኩያ ጃፓናዊ፣ ሥራውን ኩዊት አደረገ። ባለፈው ክፍል ቢሯችን መጨረሻ ላይ ከሚሮጡት ስሞች የሱን ዘሎት ነበር። ስልክ አያነሳም። አለቃዬ ጎንበስ ብሎ፣ "ስዕሉ አርብ ካልመጣ አንተም አትምጣ" አለኝ። በጣም ትሁት ሰው ነው።

ሶ፣ የሐበሻ ሰፈራችን ፌርፋክስ ሄድኩ። እዚያ ካለው የሐበሻ ምግብ ቤት መስኮት ሥር ከማይጠፉት ጋሼዎች ሁለቱን ያዝኩ።

"ጋሼ፣ ሽምግልና ልልካችሁ ነው።"

"በዚህ ዕድሜህ ማን እሺ ትልሃለች?"

"ጋብቻ አይደለም፣ ካርቱን ነው።"

"ካርቱን ከማን ጋር ተጣላ?"

ድራይቭ አድርጌ ወሰድኳቸው። ሰዓሊው በር ላይ ጫማ አስወለቀን፤ የአንደኛው ጋሼ አውራ ጣት ካልሲውን በስቶ ብቅ አለ። ወንበር ቢቀርብላቸው፣ "እሺ ሳይል አንቀመጥም በለው" አሉኝ። በእንግሊዝኛ ነገርኩት። ሽማግሌ ቤቱ ውስጥ ቆሞበት ሰውዬው ፊቱ ቀላ። ጎንበስ አለ፤ እነሱም ጎንበስ አሉ። ይባስ ዝቅ አለ። "ኧረ በቃው በለው፣ ወገቤ!" አሉ ባለ ካልሲው።

በመጨረሻ ተናገረ። ጃፓን ያሉት እናቱ ካርቱኑ አይገባቸውም፤ እስከ መጨረሻው የሚያዩት የልጃቸውን ስም ለማንበብ ነው። ባለፈው አጥተውት፣ "ከሥራ ተባረርክ እንዴ?" ብለው አልቅሰዋል።

ጋሼዎቹ ወደኔ ዞሩ።

"አስገባለታ!"

"መስመሩ ሞልቷል፤ ጃፓኖቹ አንድም ስም አይጨምሩም።"

"ያንተ አለበት?"

"አለ እንጂ!"

"አውጣዋ።"

"ጋሼ፣ ያመጣኋችሁ እኮ እኔ ነኝ!"

"ስላመጣኸን ልናዳላልህ ነው?"

ስሜን እንዲያዩ ግማሽ ፌርፋክስን ጋብዤ ነበር። ግን ሁለት ሽማግሌ በካልሲ ቆሞ እያየኝ ምን ልበል? ኦኬ አልኩ፤ ሰዓሊውም እሺ አለ። ያኔ ተቀመጡ። ስዕሉ አርብ ደረሰ፣ ሥራዬም ተረፈ።

ካርቱኑ የታየ ቀን ምግብ ቤቱ ጢም ብሏል። ስሞቹ ሮጡ፣ አለቁ። "የታለህ?" ይለኛል ሁሉም። ጋሼዎቹ ግን የሰዓሊው ስም ሲያልፍ፣ "ያውና ልጃችን!" ብለው አጨብጭበው ነበር።

በማግስቱ ሰዓሊው ፎቶ ላከልኝ። እናቱ ጣታቸውን ቴሌቪዥኑ ላይ ከወጣው ስሙ ላይ ጭነው ይስቃሉ። ፎቶውን ፌርፋክስ ውስጥ ያላሳየሁት ሰው የለም። "የታለህ?" ለሚለኝ፣ ጣታቸው ያረፈበትን አሳየዋለሁ። ጉራ አይሁንብኝና፣ ቦታው የኔ ነበር።