ሰው ያልሞተበት ድንኳን

ልጆቼ ወደ ቤት ስገባ ድምፃቸውን ይቀንሳሉ። ይህ በሰፈራችን የታወቀ ነው፤ እድራችን የሕፃናት ጥበቃ ኮሚቴ ሲያቋቁም ሰብሳቢ አድርጎ የመረጠኝም በዚሁ ምክንያት ነው። «ልጅ የሚፈራው ሰው ነው» አሉ፤ እጅ ወጣ፤ ተመረጥሁ። ልጅ የሚፈራውን ሰው የልጅ ጠባቂ ማድረግ ትክክል ነው ወይ ብሎ የጠየቀ አልነበረም። እኔም አልጠየቅሁም፤ መመረጡ ደስ ብሎኝ ነበር።

የቀርከሃ ሠራተኛ ነኝ። እንጅባራ ውስጥ፣ እኛ ዛሬም ቆሰበር በምንላት ከተማ፣ ወንበርና አልጋ እሠራለሁ። ትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጥሁም፤ ማንበብ የተማርሁት ስኳርና በርበሬ ከሚጠቀለልበት ጋዜጣ ነው። ምናልባት ስለዚህ ይሆናል፣ የተማረ ሰው አንድ ነገር ሲናገር እንደተናገረው አድርጌ እፈጽማለሁ።

ከሴቶችና ሕፃናት ጽሕፈት ቤት የመጣችው ባለሙያ ወጣት ናት፤ ግን ጥሩ ተናገረች። በልጅ ላይ የሚደርስን በደል ከፖሊስ በፊት የሚያየው ጎረቤት ነው፣ ስለዚህ ከእንግዲህ ጥበቃው የኅብረተሰቡ ነው አለችን። በልቤ መረቅኋት። የጎረቤቱ ልጅ ሲጮህ ሰምቶ ሬዲዮውን ከፍ የሚያደርግ ሰው ከደብዳቢው አይሻልም፤ ይህን ስናገር ነው የኖርሁት። ከዚያ የእድራችን ዳኛ፣ ደንብ የሚወዱ ሽማግሌ ናቸው፣ ብድግ ብለው በደል ስናገኝ በምን እንሥራ፣ መኪናም ቢሮም የለን ሲሉ ጠየቋት።

«በእጃችሁ ባለው ነገር፣ በለመዳችሁት አሠራር» አለች።

ሁሉም በእሺታ ራሱን ነቀነቀ። በእጃችን ያለው ድንኳን፣ አግዳሚ ወንበር፣ ትልልቅ ድስትና አንድ ጥሩንባ ነው። የለመድነው ሥራም አንድ ብቻ ነው፤ እሱም መቅበር ነው።

በሰፈራችን አንድ የእህል ነጋዴ አለ። መዋጮው የማይጓደል፣ ቤተ ክርስቲያኑ ሲታደስ ቆርቆሮ የሰጠ፣ የተከበረ ሰው። እናት አባቷ የሞቱባትን የወንድሙን ልጅ «አስተምራታለሁ» ብሎ ከገጠር አመጣት። አሥር ዓመት ቢሆናት ነው። ከመጣች ወዲህ ደብተር ይዛ ያያት የለም። ውኃ ትቀዳለች፣ ታጥባለች፣ እህል ታበጥራለች፤ የምትተኛው መጋዘን ውስጥ ጆንያ ላይ ነው። ባልና ሚስቱ ዳንግላ ገበያ ሲወርዱ መጋዘኑን ከውጭ ቆልፈውባት ይሄዳሉ። ሁላችንም እናውቃለን። የሚናገረው ሰው ከተገኘ ደግሞ ነጋዴው፣ ልጄ ናት፣ ልጄ እንዳትጠፋብኝ ብቆልፍባት ማን ያገባዋል ይላል። ሰውም ይቅርታ ጠይቆ ይመለሳል።

አንድ ቀን የልጅቱ አክስት፣ የእናቷ እኅት፣ ከገጠር ወደ ሥራ ቦታዬ መጣች። አማርኛዋ ትንሽ ስለሆነ በአገውኛ ተነጋገርን። ልጅቱን ልትወስድ መጥታ ከበር ተመልሳለች። የባሰውን የሰማችው ደግሞ ከገበያ ነው፤ ነጋዴው ከፋሲካ በፊት ልጅቱን ሩቅ ከተማ ላለ ሰው ለቤት ሠራተኝነት ሊልካት ነው። ከሄደች ማን ፈልጎ ያገኛታል? እኔም ኮሚቴው ተሰብስቦ ይነጋገርበታል አልኋት፤ ሰብሳቢ የሚለው እንደዚያ ነውና።

ሴትዮዋ ቁጭ ብላ ቀርከሃ ስፍቅ አየችኝ። «አያ፣ ሞታ ቢሆን ዛሬውኑ ትመጡላት ነበር» አለችኝ።

ማታውን እድሩን ሰበሰብሁና ቃሏን እንዳለ ነገርኋቸው። ዳኛው ጥሩንባ የሚነፋው ለሞት ብቻ ነው አሉ። አንዱ፣ ባለፈው ቤት ሲቃጠል ተነፍቶ የለም ወይ አላቸው። እሱ መከራ ነው አሉ። ይህስ አልሁ። ዳኛው ጢማቸውን አሻሹ። ከዚያ በሕግ ሰው አነጋገር፣ አባላችን ልጅቱን ልጄ ናት ብሏል፤ ልጁ ከሆነች መከራዋ መከራው ነው፤ ስለዚህ አባላችን ከባድ መከራ ላይ ስለሆነ ድንኳን ይገባዋል ብለው ወሰኑ። ማንም አልሳቀም። ለባለሙያዋ ልነግራት ስልክ ደወልሁ፤ ኔትወርክ የለም።

ባልና ሚስቱ ዳንግላ በወረዱበት ቀን ጥሩንባው ተነፋ። ድንኳኑን በነጋዴው በር ላይ ተከልነው፤ ምሰሶውን ያቆምሁት እኔ ነኝ። ሰው ነጠላውን አዘቅዝቆ ይጎርፍ ጀመር። ከላይኛው ሰፈር የምትመጣ አንዲት አልቃሽ አለች፤ ከሩቅ ጀምራ ደረቷን እየመታች ደረሰች። ማን እንደሞተ ስትጠይቅ ማንም እንዳልሞተ፣ ልጅቱ መጋዘን ውስጥ እንዳለች ነገርናት። ጥቂት አሰበችና «እንግዲህ አንዴ ጀምሬያለሁ» ብላ ለቅሶዋን ቀጠለች። የሚመለስ ሰው አልነበረም፤ ከለቅሶ ቤት ቀድሞ የሄደ ይቀጣል። አክስትየው ከመጋዘኑ ግድግዳ ሥር ቁጢጥ ብላ በስንጥቁ በኩል ከልጅቱ ጋር ታወራለች። ልጅቱ ማን ነው የሞተው እያለች ትጠይቃታለች።

በሩን ስበሩት ያሉ ነበሩ። ዳኛው የአባል ንብረት አይሰበርም አሉ። እንዲህ ነን እኛ፤ ልጅ ተቆልፎባት ስለ ቁልፉ እንጨነቃለን።

ከሰዓት በኋላ ነጋዴውና ሚስቱ እህል በጫነ አይሱዙ መጡ። ሰውየው ከጋቢናው በሩ ላይ ድንኳን አየ። መኪናው ሳይቆም ወረደ፤ ሚስቱም ተከትላው ወርዳ እያለቀሰች መሬት ላይ ወደቀች። እኛም በለመደብን ተነሥተን «እግዜር ያጥናህ» አልነው። ብለነው ስናበቃ ነው ነገሩ ትዝ ያለን።

«ማን ነው የሞተብኝ? እናቴ ናት?» አለ።

አይደሉም አልነው። አዲስ አበባ ያለው ወንድሙ እንደሆነ ጠየቀ። አይደለም። ዩኒቨርሲቲ ያለውን የበኩር ልጁን ጠየቀ፤ ሁለተኛዋን ልጁን፣ ትንሹን፣ የሚስቱን አባት፣ ምጥ የቀረባትን እኅቱን ጠየቀ። ለእያንዳንዱ አይደለም እያልን ራሳችንን ስንነቀንቅ ፊቱ እየጠቆረ ሄደ። ዘመዱን ሁሉ ጠይቆ ጨረሰ። አልቃሿም አቆመች። ሁላችንም አንድ ነገር እየጠበቅን ነበር፤ እሱ ግን ምን እንደምንጠብቅ አላወቀም።

አንዲት አሮጊት ከሴቶቹ ወገን «አንዷን አልጠየቅህም፣ ልጄ» አሉት።

«ማንን ነው፣ እማማ?» አለ። የምሩን ነው። ያንን ፊቱን አየሁ፤ የሚያስመስል ሰው ፊት አልነበረም። ይህን ስጽፍ ልፈርድበት ነበር ያሰብሁት፤ አሁንም እፈርድበታለሁ፤ ነገር ግን ሰው በቤቱ ያለች ልጅን እንዲህ አጥርቶ ሊረሳ እንደሚችል ከዚያ በፊት አላውቅም ነበር።

አሮጊቷ ወደ መጋዘኑ ሲያመለክቱት ገባውና ተቆጣ። ድንኳኑን ንቀሉ፣ ክስ እመሠርታለሁ አለ። ዳኛው በእርጋታ፣ ልጅህ ካልሆነች በምን መብት ያዝሃት፣ ልጅህ ከሆነች ለምን አልጠየቅሃትም ብለው እጃቸውን ዘረጉ። ቁልፉን ሰጣቸው።

ልጅቱ ወጣች። ፀሐዩ ዓይኗን ወጋት። ግቢ ሙሉ ሰው ነጠላ አዘቅዝቆ ቆሞ አየች። እንግዳ ሲመጣ ማድረግ የለመደችውን ነው ያደረገችው፤ ማስታጠቢያውን አነሣችና ከፊተኛው ሰው ጀምራ ውኃ ልታፈስስ ጎንበስ አለች። ፊተኛው ሰው እኔ ነበርሁ። እጄ በራሱ ተዘረጋ። ውኃው ጣቴን ነክቶኝ ነው የነቃሁት፤ ማስታጠቢያውን ቀምቼ አኖርሁት።

ባለሙያዋ የልጅቱን መቆለፍ ከሰው ሰምታ አመሻሹ ላይ ከአንዲት ሴት ፖሊስ ጋር በባጃጅ ደረሰች። ድንኳኑን ስታይ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ልጅቱ ሞተችባችሁ ወይ አለችኝ፤ አልሞተችም ስላት ይህን ማን አስተማራችሁ አለች።

«አንቺው ነሽ፣ ልጄ» አልኋት።

ተቆጣችን። ልጅ በአደባባይ እንዲህ አትታይም፣ መጀመሪያ ጥቆማ ነው፣ ከዚያ ማጣራት ነው አለች። እውነቷን ነው፤ ተቀበልሁ። የቀረውን በሕጉ ፈጸሙት። ልጅቱ ጤና ጣቢያ ታየች፤ ለብቻዋ ተጠየቀች፤ የት መኖር እንደምትፈልግ ሲጠይቋት በአገውኛ አክስቷን ጠራች። ነጋዴው ላይ የተጀመረው ክስ እስካሁን አላለቀም።

ድንኳኑ ግን በደንባችን ከሰልስት በፊት አይነቀልም። ሰው ያልሞተበት ነው ብንልም ዳኛው አሻፈረኝ አሉ። ነጋዴውም በበሩ ላይ ከተተከለ ድንኳን መቅረት ነውር ስለሆነ ጋቢውን ለብሶ አብሮን ተቀመጠ። ንፍሮ አቀረብንለት፤ በላ። ትንሿ ልጄ ዳቦ ይዛ መጥታ፣ አባባ፣ ለቁንጥጫም ድንኳን ይተከላል ወይ ብላ ጠየቀችኝ። ወደ ቤት ሂጂ አልኋት። ወንዶቹ ሁሉ ያዩኝ ጀመር፤ ነጋዴውም ጭምር። ከዚያ ወዲህ እጄን ሳነሣ ያ ዓይናቸው ይመጣብኛል።

በሰልስቱ ቀን ልጅቱና አክስቷ ሊሄዱ ተነሡ። ዳኛው ሊመርቁ ቆሙ፤ አፋቸው ላይ የመጣው ነፍስ ይማር ነበር፤ ዋጡት። ሌላ ቃል ፈልገው አጡና «በሉ እንሸኛት» አሉ። የምናውቀው መሸኘት አንድ ዓይነት ነው። ወንዶች ከፊት፣ ሴቶች ከኋላ ሆነን፣ ራሳችንን ደፍተን ቀስ ብለን ተከተልናት። ሱቆች በራቸውን ገርበብ አደረጉ። ልጅቱ ዞር ብላ አየችንና እርምጃዋን ፈጠን አደረገች፤ እኛም እንዳታመልጠን ፈጠን አልን። መናኸሪያው አካባቢ ሁላችንም፣ ዳኛው በከዘራቸው፣ ሩጫ ላይ ነበርን።

የሚኒባሱ ሾፌር ሕዝቡን ሲያይ ዘፈኑን ዘጋ፣ ቆቡን አወለቀ። ከዚያ ሥራው ትዝ አለውና ሬሳ አልጭንም አለ።

አክስትየው ልጅቱን ከፊቷ አስገባቻት። ረዳቱ ትንሽ ናት፣ ታቀፊያት አላት።

«ሁለት ሰው ነን፤ ሁለት ቦታ ስጠን» አለች በአማርኛ።