አክስቴና እስክሪብቶዋ

አክስቴ ወይን ፋብሪካ ውስጥ ጠርሙስ ላይ ወረቀት መለጠፍ ከጀመረች ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው። በምሳ ሰዓት የጋዜጣውን መስቀለኛ ቃላት ትሞላለች፤ ያውም በእስክሪብቶ። አፍንጫዬ ዲፕሎማ አለው ባዩ ዋና ቀማሽ ባለፈ ባገደመ ቁጥር፣ «እትዬ፣ በእርሳስ ይሙሉት እንጂ! ሰው ይሳሳታል» እያለ ሲስቅባት፣ አጠገቧ የምሠራው እኔ አንጀቴ ያርራል። እሷ ግን ቀና እንኳ ሳትል፣ «የሚሳሳት በእርሳስ ይሙላ» ትለዋለች።

ባለፈው ሳምንት የታሸገው አዲስ ወይን ጣዕሙ ተበላሽቶ ተገኘ። ቀማሹ ሦስት ቀን ሙሉ ሲጎነጭና ሲተፋ ሰነበተ። የምርመራው ቅጽ ላይ «ምክንያት» የሚለውን ቦታ በእርሳስ እየጻፈ፣ በላጲስ እያጠፋ ወረቀቱን ሊበሳው ደረሰ። በመጨረሻ አክስቴ ትዕግሥቷ አለቀና፣ «እስቲ አምጣው» ብላ ብርጭቆውን ተቀበለችው።

አሸተተች፤ ፉት አለች፤ ዓይኗን ጨፈነች።

«የፕሪሙ ጣዕም አለ። የቅርንፉዱም አለ። መጨረሻ ላይ የሚመጣው ግን የወይን ጣዕም አይደለም። አልጋዬ ስር ያስቀመጥኳቸው ጋዜጦች ጣሪያው አፍስሶ ወለሉ ሲረጥብ ልክ እንዲህ ይሸታሉ። የጠርሙሱ ቡሽ ሻግቷል።»

ቀማሹ እየሳቀ ተከትሎን መጋዘን ገባ። እኔ የቡሹን ጆንያ ዘረገፍኩት። ታችኛው ግማሽ ረጥቦ አረንጓዴ ሻጋታ አውጥቷል። ሳቁ አፉ ላይ ደረቀ።

እዚያው ቅጹን ዘረጋላት። «እትዬ፣ ምክንያቱን እርስዎ ይሙሉት» አለና እርሳሱን አቀበላት።

አክስቴ እርሳሱን ጆሮው ላይ ሰካችለትና እስክሪብቶዋን አወጣች።